የሚሸፈነው ይቅደም፦ የከርሰ ምድር ባቡር ዕቅድና ግንባታን በፊልም ስለ መመዝገብ

ጥያቄ፦ «ጋሼ፣ ባህር ዳር ውስጥ የሰርግና የምርቃት ቪዲዮ ነው የምሠራው። ከሁለት ጓደኞቼ ጋር አንድ ትልቅ ግንባታ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ተከታትለን ዶክመንተሪ መሥራት እንፈልጋለን። በአዲሱ የዓባይ ድልድይ ሞክረን ነበር፤ የደረስነው ግን ሊመረቅ ሲል ስለነበር ከምርቃቱ በቀር እጃችን ላይ የቀረ የለም። ለንደን ውስጥ ቪክቶሪያ የሚባለው የከርሰ ምድር ባቡር መስመር ሲሠራ በፊልም ተመዝግቧል ሲባል ሰማሁ። ዓመታት የሚፈጅ፣ ያውም ከመሬት በታች የሚሠራ ነገር እንዴት ይቀረጻል? ከየት ይጀመራል? ምን ዓይነት ካሜራስ እንግዛ?»

ምላሽ፦

የካሜራውን ነገር ወደ ኋላ ላቆየው፤ ከጠየቅሽው ሁሉ ቀላሉ እሱ ነው። ዋናው «ከየት ይጀመራል?» ያልሽው ነው። የእኔ መልስ፦ ሊሸፈን ከተቃረበው ነገር ይጀመራል።

ያለቀ ባቡር ለመቅረጽ የሚያስቸኩል ነገር የለም። ጣቢያው ነገም አለ፣ ከሃያ ዓመት በኋላም አለ፤ ትኬት ቆርጠሽ ገብተሽ ትቀርጪዋለሽ። ዋሻው ከመለበሱ በፊት የነበረው ዓለት፣ ከወለሉ ሥር የታሰረው ፌሮ፣ መስመሩ እንዲያልፍ የተነሣው ሰፈር ግን የሚታዩት አንድ ጊዜ ነው። አርማታ ከፈሰሰባቸው በኋላ የቱንም ያህል ገንዘብ ቢኖርሽ አታገኚያቸውም። ስለዚህ የዚህ ዓይነት ፊልም ቅደም ተከተል የሚወጣው ከስክሪፕት አይደለም፤ ከተቋራጩ የሥራ መርሐ ግብር ነው። የትኛው ነገር በየትኛው ሳምንት እንደሚሸፈን ያወቀ ሰው የፊልሙን ግማሽ ሠርቷል።

በድልድዩ የደረሰባችሁም ይኸው ነው። 380 ሜትር የሚረዝመው የዓባይ ድልድይ ግንቦት 2016 ዓ.ም. ተመርቋል። ዛሬ ማታ ብትወጪ ከነመብራቱ እዚያው ቆሞ ታገኚዋለሽ። ምርቃቱንም ቢሆን ግማሹ ከተማ በስልኩ ይዞታል። ያመለጣችሁ ከምሰሶዎቹ ሥር ያለው ነው።

አሁን ወደ ለንደን እንሂድ። ዘመኖቹን እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋቸዋለሁ። የእንግሊዝ ፓርላማ የቪክቶሪያ መስመር እንዲሠራ የፈቀደው በ1955 ነው፤ መንግሥት ገንዘቡን የፈቀደው ግን በ1962። በመሀሉ ሰባት ዓመት አለ። ላይ ላዩን ሲታይ የክርክርና የወረቀት ዘመን ነው፤ ለካሜራ የሚሆን ነገር ያለበት አይመስልም። ነገር ግን በ1960 እና በ1961 በሰሜን ለንደን፣ ከፊንስበሪ ፓርክ ወደ ቶተንሃም አቅጣጫ፣ የሙከራ ዋሻ ተቆፍሯል። አዳዲስ መቆፈሪያዎችና የዋሻውን ግድግዳ የሚያለብሱ ቀለበቶች የተፈተኑት እዚያ ነው። ያ ሙከራ ኋላ የዋናው መስመር አካል ሆነ። «ዋናው ሥራ ሲጀመር እንመጣለን» ብሎ የሚጠብቅ ቀራጭ ቢኖር ኖሮ፣ ባቡሩ ዛሬ ከሚያልፍበት ዋሻ ከፊሉ ሲቆፈር ሳያይ ይቀር ነበር።

ኦክስፎርድ ሰርከስ ደግሞ ሌላ ትምህርት አለው። ቦታው ከለንደን እጅግ ከሚበዛባቸው መስቀለኛ መንገዶች አንዱ ነው፤ ከሥሩ አዲስ የትኬት አዳራሽ መቆፈር ነበረበት፤ መንገዱን ለዓመታት መዝጋት ደግሞ አይታሰብም። በ1963 ኦገስት ወር፣ ሰዉ ከከተማው በሚወጣባቸው ረጅም የዕረፍት ቀናት፣ መስቀለኛውን በሙሉ የሚሸፍን የብረት ወለል ከመንገዱ ከፍ አድርገው ገጠሙ። ከዚያ በኋላ አውቶቡሱም ታክሲውም በላዩ ሲመላለስ ከሥሩ ቁፋሮው ቀጠለ። ብረቱ የተነሣው በ1968 ነው። እንግዲህ በአንቺ ሙያ አስቢው፦ አምስት ዓመት ሙሉ የሚቀረጽ ነገር አለ፣ እሱን የወለደው ግን አንድ የዕረፍት ሰሞን ነው። ያን ሰሞን ባትሪ አልቆ፣ ወይም ፈቃዱ ሰኞ ይፈረማል ተብሎ የቀረ ሰው አምስቱን ዓመት ቢቀርጽ ነገሩ እንዴት እንደተጀመረ ማሳየት አይችልም።

የመስመሩ የመጀመሪያ ክፍል በ1968 ሴፕቴምበር ተከፈተ፤ በ1969 ማርች ንግሥት ኤልሳቤጥ መረቁት፤ በደቡብ ለንደን ያለው ብሪክስተን የደረሰው በ1971 ነው። ሥራውን የቀረጸው ብሪቲሽ ትራንስፖርት ፊልምስ ይባል ነበር፤ በ1949 የተቋቋመ፣ በኤድጋር አንስቲ የሚመራ፣ የመንግሥት ትራንስፖርት የራሱ የፊልም ክፍል። እነዚህ ሰዎች ምርቃቱን አልጠበቁም። ከ1964 ጀምሮ ሥራው በደረሰበት ደረጃ አጫጭር የዘገባ ፊልሞች እያወጡ ሄደው በመጨረሻ ጠቅላላውን አቀረቡ። ይህን አካሄድ አጥብቄ እመክርሻለሁ። አንደኛ፣ ገንዘብ የሚሰጠው አካል በየጊዜው የሚያየው ነገር ያገኛል። ሁለተኛ፣ አጭሩን ስታቀናብሪ ምን እንደጎደለሽ ገና ሥራው ሳያልቅ ይገባሻል። ሦስተኛ፣ መሐንዲሱ ስለ ችግሩ የሚናገረው ችግሩ ውስጥ ሳለ ነው። ከአምስት ዓመት በኋላ ብትጠይቂው «ያው ፈታነው» ብሎ ያልፈዋል።

የቤት ልጅ መሆን ግን ዋጋም አለው። የባለቤቱ ካሜራ በሩ ሁሉ ይከፈትለታል፤ በፊልሙ ውስጥ ግን ችግር የሚነሣው መፍትሔው ከተገኘ በኋላ ነው። እናንተ ከውጭ የምትገቡ ስለሆናችሁ በሩ ይከብዳችኋል። በተራችሁ ደግሞ ችግሩን ገና ሳይፈታ መቅረጽ ትችላላችሁ፤ ያንን ነፃነት በውል ጊዜ አትሽጡት። ወደ ውሉ እመለሳለሁ።

ፊልም ሳይኖር የተሠራ የከርሰ ምድር ባቡርም አለ፤ የመጀመሪያው። ለንደን ውስጥ በ1863 ሲከፈት ሲኒማ የሚባል ነገር ገና አልተወለደም ነበር። ከዚያ በኋላ ከተሠሩት መስመሮች አንዱን ከ1866 እስከ 1868 ሄንሪ ፍላዘር የተባለ ፎቶ አንሺ ተከታትሎ አንሥቶታል፤ ጉድጓዱ፣ የጡብ ቅስቱ፣ መሣሪያውን ይዞ የቆመው ሠራተኛ ዛሬ ድረስ ይታያል። ይህን የማነሣው ቪዲዮ የለመደ ሰው ፎቶን ስለሚንቅ ነው። በየሳምንቱ ከአንድ ቦታ፣ በአንድ ሌንስ፣ ጥሩ ፎቶ አንሺ። ሠላሳ ዓመት ቆይቶ ከቪዲዮሽ ይልቅ የሚፈለገው እሱ ሊሆን ይችላል።

ዕቅድ እንዴት ይቀረጻል?

ብዙ ሰው እዚህ ላይ ነው የሚሰንፈው። «ወረቀትና ስብሰባ ምኑ ይቀረጻል?» ይላል። እኔ ደግሞ ከሁሉ የሚያምረው ክፍል ይህ ነው ባይ ነኝ።

መሬት ከመቆፈሩ በፊት ይመረመራል። ቀጭን ጉድጓድ ይሰረሰርና ዓለቱ እንደ ዱላ እየተቆረጠ ይወጣል፤ ከነጥልቀቱ እየተጻፈበት በሳጥን ይደረደራል። ጂኦሎጂስቱ ውሃ ሲረጭበት ቀለሙ ብቅ ይላል፤ የቱ ጋ እንደተሰነጠቀ፣ የቱ ጋ እንደበሰበሰ ይታያል። ያ ሳጥን ማንም ሰው ወርዶ ያላየው ምድር ነው። ካሜራሽን ወደ ሳጥኑ አስጠግተሽ፣ ጂኦሎጂስቱ በጣቱ እየነካ እንዲያስረዳ አድርጊ። ከሁለት ዓመት በኋላ ዋሻው እዚያው ጥልቀት ላይ ሲደርስ «እዚህ ጋ ውሃ ይኖራል» ያለው እውነት ይሁን አይሁን ተመልካቹ ራሱ ይፈርዳል። በጽሑፍ የማይገኝ ውጥረት ነው።

የተጣለውን መስመርም ቅረጪ። ማንኛውም የባቡር መስመር ከመወሰኑ በፊት ሁለት ሦስት አማራጭ ይቀርብለታል። የተመረጠውን ሁሉም ያየዋል፤ ያልተመረጠው ካርታው ላይ የተሳለበት ወረቀት እንኳ ይጠፋል። ዕቅድ አውጪውን ይዘሽ በተጣለው መስመር ላይ በእግር ሂጂ፤ «ባቡሩ እዚህ ቢያልፍ ኖሮ ምን ይሆን ነበር?» ብለሽ ጠይቂው። የወጪና የጥቅም ክርክሩን ከዚህ የተሻለ የምታሳዪበት መንገድ የለም። የቪክቶሪያ መስመር ራሱ ሁለት የኢኮኖሚ ባለሙያዎች፣ ፎስተርና ቢስሊ፣ በ1963 ባሳተሙት ስሌት ይታወቃል፤ መንገደኛው የሚቆጥበውን ጊዜ በገንዘብ ተምነው፣ ባቡሩ ውስጥ ለማይገባው የመኪና መንገድ ተጠቃሚ የሚደርሰውን ጥቅም ጭምር ቆጠሩ። ሠንጠረዡን ስክሪን ላይ ብታወጪው ተመልካች ይተኛል። አንዲት በየጠዋቱ ታክሲ የምትጠብቅ ሴት ላይ ሰዓት ይዘሽ ብትቆሚ ግን ነገሩ ይገባዋል።

ሌላው የስንጥቅ ምዝገባ ነው። ከቤቶች ሥር ወይም አጠገብ ከመቆፈሩ በፊት ባለሙያዎች ቤት ለቤት እየዞሩ ያለውን ስንጥቅ ሁሉ ለክተው፣ ፎቶ አንሥተው ይመዘግባሉ፤ ኋላ «ቤቴን ያሰነጠቃችሁት እናንተ ናችሁ» ሲባል ማስረጃ እንዲሆን ነው። ከእነሱ ጋር ግቢ። ባለቤቶቹ የትኛው ስንጥቅ መቼ እንደመጣ ሲናገሩ የቤቱን ታሪክ ነው የሚነግሩሽ፤ ቡና መቅረቡም አይቀርም። ፊልምሽ ሰው የሚያገኘው እዚያ ነው።

ከአገራችን ምሳሌ ካስፈለገሽ የአዲስ አበባው ቀላል ባቡር አለ። በ2008 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር 34 ኪሎ ሜትር ገደማ ነበር፤ ከመሬት በታች የሚያልፈው ጥቂቱ ነው፤ እሱም በምኒልክ አደባባይና በአቡነ ጴጥሮስ ሐውልት አካባቢ። ለዚያ አጭር ዋሻ ሲባል ሐውልቱ በ2005 ዓ.ም. ተነሥቶ በ2008 ዓ.ም. ወደ ቦታው ተመልሷል። ሲነሣ ለማየት የወጣው ሕዝብ ፊት ላይ የነበረው ስሜት ከመቶ ቁፋሮ ማሽን ይበልጥ ስለዚያ ባቡር ይናገራል። እንዲህ ያለ ቀን በተቋራጩ መርሐ ግብር ላይ አንድ መስመር ብቻ ሆኖ ነው የሚጻፈው። መስመሩን ስታነቢ ይህን ማየት መልመድ አለብሽ።

ከዚሁ ጋር «በፊት» የሚባለውን አትርሺ። ቁፋሮው ከመጀመሩ በፊት ያለውን መንገድ በተለያየ ሰዓት፣ በክረምትም በበጋም፣ ምንም ሳይፈጠር ቅረጪ። በወቅቱ አሰልቺ ነው። ኋላ ግን የምታነጻጽሪበት ሌላ ነገር የለሽም።

ጣና ዳር ያለ የተደበቀ ዋሻ

የምትኖሪው ከአገሪቱ ትልልቅ የከርሰ ምድር ሥራዎች አንዱ አጠገብ መሆኑን አስበሽ ታውቂያለሽ? የጣና በለስ ኃይል ማመንጫ ውሃውን ከሐይቁ ምዕራባዊ ዳርቻ ተቀብሎ፣ 12 ኪሎ ሜትር ገደማ በሚረዝም ዋሻ አሳልፎ፣ ከመሬት በታች ባለ ማመንጫ ቤት ተርባይን ካዞረበት በኋላ ወደ በለስ ወንዝ ይለቀዋል። 460 ሜጋ ዋት የማመንጨት አቅም ያለው ይህ ጣቢያ በ2002 ዓ.ም. ተመርቋል። ዋሻውን የቆፈረው ለከተማ ባቡር ከሚያገለግለው ጋር አንድ ቤተሰብ የሆነ ማሽን ነው። የባቡር ዋሻ ቢያንስ ተሳፍረሽ ታልፊበታለሽ፤ ይህ ግን ዛሬ ውሃ ሞልቶታል። ውስጡን ማየት የሚቻለው በተሠራበት ዘመን በተቀረጸው ብቻ ነው።

የመጀመሪያ ሥራሽ አድርገሽ ብትይዢው ደስ ይለኛል፤ አዲስ ግንባታ እስኪመጣ መጠበቅ የለብሽም። እዚያ የሠሩ ሾፌሮች፣ ፎርማኖች፣ ሰርቬየሮች፣ ምግብ አብሳዮች በዚህ አካባቢ አይጠፉም። ድሮ ያነሡትን ፎቶ ከአሮጌ ስልክና ፍላሽ እንዲፈልጉ ጠይቂ፤ ፎቶውን በእጃቸው ይዘው ሲያወሩ ቅረጪ። ፎቶው የደበዘዘ ከሆነም ተዪው፤ ድምፃቸው ይበቃል።

በነገራችን ላይ፣ «ባህር ዳር የከርሰ ምድር ባቡር ይሠራባታል ወይ?» ብሎ የሚጠይቅ አይጠፋም። ፊልም ሠሪ እንጂ መሐንዲስ አይደለሁም፤ ግን ለንደን ለመቁረጥ የሚመች፣ ውሃ የማያሳልፍ ሸክላ አፈር ላይ የተቀመጠች ከተማ ናት፤ የእኛ ጥቁር ባዛልትና ከሐይቅ ዳር ያለ ውሃ ነው። እነሱም ቢሆኑ ውሃ ያዘለ አሸዋ ሲያጋጥማቸው መሬቱን አቀዝቅዘው እንደ በረዶ አጠንክረው የቆፈሩበት ቦታ አለ። መሬቱ የፊልምሽ አንድ ባለታሪክ ነው፤ ሳትተዋወቂው አትግቢ።

ከመሬት በታች

አቆፋፈሩ የምትቀርጪውን ይወስናል። መንገዱ ከላይ ተከፍቶ ተቆፍሮ መልሶ የሚሸፈን ከሆነ ነገሩ ሁሉ በቀን ብርሃን ነው፤ ከፎቅ ላይ ሆነሽም ይታይሻል። በድማሚት የሚሠራ ከሆነ ዑደት አለው፦ ይበሳል፣ ድማሚቱ ይቀበራል፣ ሰው ይወጣል፣ ይፈነዳል፣ ጭሱ በአየር ማራገቢያ እስኪወጣ ይጠበቃል፣ ፍርስራሹ ይጫናል፣ ግድግዳው ላይ ኮንክሪት ይረጫል። ፍንዳታውን ለመቅረጽ አትጓጊ፤ አቧራ ነው የሚሆነው። ቆንጆው ጭሱ ሲጠራ መጀመሪያ የሚገባው ሰው የጣራውን ዓለት በረጅም ብረት እየነካካ የላላውን ሲያወርድ ነው፤ ድምፁን ሰምቶ ጠንካራውን ከላላው ይለያል።

ማሽን ከሆነ የሚቆፍርበትን ፊቱን በሥራ ላይ አታዪውም። አንቺ ከኋላው ነሽ፣ ጥርሱ ከዓለቱ ጋር ተገጣጥሟል። ፊቱ የሚታየው መሬት ከመግባቱ በፊት ሲገጣጠምና በሌላው በኩል ዓለቱን ደርምሶ ሲወጣ ነው። ሁለቱንም ቀን ዓመት ቀድመሽ ጠይቂ፤ ቀኑ ይለዋወጣልና በየሳምንቱ ደውዪ። በመሀሉ ያለውን ጊዜ የግድግዳውን ቁርጥራጭ የሚያነሣው ክንድ ቀለበት በቀለበት ሲገጥም በመቅረጽ ተጠቀሚበት። አንዱን ቀለበት ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሳታቋርጪ ያዢው፤ ሌላው ተመሳሳይ ነው።

ደህንነት ላይ አልከራከርም። ሄልሜት፣ የሚያንጸባርቅ ልብስ፣ ብረት ያለው ቦቲ ጫማና ለዓለት አቧራ የሚሆን ማስክ ያስፈልግሻል፤ የሐኪም ቤቱ ቀጭን ማስክ አይበቃም፤ የዓለት ብናኝ ሳንባ ይጎዳል። በኤሌክትሪክ የሚፈነዳ ድማሚት ባለበት አካባቢ ዋየርለስ ማይክም፣ ስልክም፣ መገናኛ ሬዲዮም ይጠፋል፤ የሬዲዮ ሞገድ ፈንጂውን ሊቀሰቅሰው ይችላል። ተቀጣጣይ ጋዝ ያለበት ዋሻ ከሆነ ተራ ካሜራና ባትሪ ጭራሽ አይገባም። የደህንነት ኃላፊው «ውጪ» ካለሽ ሪከርዱን ሳታጠፊ እንኳ ውጪ።

ብርሃኑ አስቸጋሪ ነው፤ ግን የራስሽን መብራት በብዛት አታስገቢ። ሠራተኛው በሚያይበት ብርሃን ቅረጪ፤ ጨለማው የቦታው ባሕርይ ነው። የእኛ ኤሌክትሪክ 50 ኸርዝ ስለሆነ በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ሸተሩን (ለአንዱ ምስል ብርሃን የሚገባበትን ጊዜ) 1/50 ሰከንድ አድርጊው፤ ያለዚያ መብራቱ ስክሪን ላይ ይርገበገባል። ከውጭ ቅዝቃዜ ሞቃትና እርጥብ ዋሻ ስትገቢ ሌንሱ ያልበዋል፤ ካሜራውን ከቦርሳው ሳታወጪ እዚያው አየር ውስጥ አቆዪው። ውስጥ ሌንስ አትቀይሪ። ቤት ስትመለሺ ደግሞ ሌንሶቹን እርጥበት መጣጭ ባለበት በሚገጥም ሳጥን አስቀምጪ፤ በባህር ዳር እርጥበት ሌንስ ውስጥ ሻጋታ ሲበቅል ያላየ ቀራጭ ጥቂት ነው።

ድምፁን ለይተሽ ያዢ። ማሽኑ አጠገብ ቃለ መጠይቅ አይሠራም። ሰውየውን ሥራ ላይ ቅረጪው፤ ፈረቃው ሲያልቅ ውጭ ጸጥ ያለ ቦታ አስቀምጠሽ አናግሪው፤ የዋሻውን ድምፅ ደግሞ ብቻውን፣ ምስል ሳያስፈልገው፣ ረዘም አድርገሽ ቅጂ።

በየጊዜው ከአንድ ቦታ ፎቶ የሚያነሣ ካሜራ መትከል ከፈለግሽ ዋሻው ውስጥ አይሆንም፤ ቁፋሮው ወደፊት ይሄዳል፣ ካሜራው ባዶ ግድግዳ ሲያነሣ ይቀራል። የጣቢያው ጉድጓድ አፋፍ ላይ ትከዪው። በቀን ለ12 ሰዓት በየ30 ደቂቃው አንድ ፎቶ 24 ፎቶ ይሆናል፤ በሰከንድ 25 ፍሬም ሲሄድ የአንድ ቀን ሥራ 1 ሰከንድ አይሞላም። ዓመቱን 300 የሥራ ቀን ብትይው አምስት ደቂቃ ያልሞላ ፊልም ነው። በየ10 ደቂቃው ካደረግሽው ከ14 ደቂቃ ይበልጣል፤ ያን ያህል ማንም ቁጭ ብሎ አያይም፤ መምረጫ ግን ይሆንሻል። ድሮን ያለ ፈቃድ አይነሣም፤ አውሮፕላን ማረፊያችን ከከተማው ጋር የተያያዘ መሆኑን አትዘንጊ።

ውል፣ መዝገብ፣ ማስቀመጫ

በግንባታ ላይ ሦስት ጌቶች አሉ፦ አሠሪው መሥሪያ ቤት፣ ተቋራጩና አማካሪው። ከአሠሪው ደብዳቤ ይዘሽ ብትሄጂም የሳይቱ ኃላፊ ካልፈለገሽ በር ላይ ስትቆሚ ትውያለሽ። ከሦስቱም ጋር ተስማሚ፤ የጥበቃውንና የፎርማኑን ስም ደግሞ ቀድመሽ ዕወቂ።

ውሉ ላይ ሦስት ነገር ይጻፍ። ጥሬ ቀረጻው የማን ነው? የእኛ የቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410/1996 ነው፤ አንብቢው፤ ከማንበብሽ በፊት «ሁሉም መብት ለአሠሪው» የሚል ወረቀት ላይ አትፈርሚ። አደጋ ሲደርስ ምን ይደረጋል? ይህን ሰው ሳይሞት ነው መነጋገር፤ የእኔ አቋም ካሜራው የተጎዳውን ሰው ፊት አያሳይም፣ የተቀረጸው ግን አይጠፋም፣ ቤተሰቡ ሳይፈቅድም አይታይም የሚል ነው። ሦስተኛው ሥራው ቢቆምስ? ግንባታ በገንዘብም በሌላም ምክንያት ይቆማል። አንድ ስሙን የማልጠቅሰው አሠሪ ዘንድ፣ ሥራው ሲቆም የቀረጻውም ክፍያ ቆሞ፣ ዝገቱንና ሣሩን ማንም ሳይቀርጸው ቀርቷል። የቆመ ግንባታም የታሪኩ ክፍል መሆኑ በውሉ ይግባ።

አሁን ሁሉም ስለሚጠላው ሥራ። ዋሻ ሁሉ አንድ ይመስላል። ከስድስት ወር በኋላ የትኛው ቀረጻ የትኛው ቦታ እንደሆነ አንቺም አታውቂውም። በእያንዳንዱ ቀረጻ መጀመሪያ ላይ ቀኑን፣ ቦታውን፣ ፈረቃውንና የሥራውን ዓይነት በአፍሽ ተናገሪ፤ ሰርቬየሮቹ መስመሩን የሚለኩበትን የሜትር ንባብ ከግድግዳው ላይ ቅረጪ፤ ማታ ደግሞ በሠንጠረዥ ጻፊው። የሠራተኞቹን ሙሉ ስም ከነሥራ ድርሻቸው መዝግቢ። በአሮጌ የግንባታ ፎቶዎች ላይ ሚኒስትሩ ስም አለው፣ አካፋ የያዘው ግን «ሠራተኛ» ተብሎ ነው የቀረው። ይህን ማስተካከል የአንድ እስክሪብቶ ጉዳይ ነው።

ማስቀመጫውን ቀድመሽ አስይው። በሰከንድ 100 ሜጋ ቢት የሚቀዳ ካሜራ በሰዓት 45 ጊጋ ባይት ይወስዳል። በሳምንት አራት ሰዓት ብትቀርጪ በዓመት 9 ቴራ ባይት ገደማ ነው። ሦስት ቅጂ ያስፈልግሻል፤ አንደኛው ሌላ ቤት፣ ቢቻል ሌላ ከተማ ይቀመጥ። ሀርድ ዲስክ በየመብራት መቋረጡ ስለሚጎዳ ኮፒ ስታደርጊ ከባትሪ ጋር ይሁን። ካርዱን ሁለት ቦታ መገልበጡን ሳታረጋግጪ አታጥፊ። ለካሜራ ያሰብሽውን በጀት ግማሹን ለዲስክ አድርጊው የምልሽ ለዚህ ነው።

ካሜራው እንግዲህ፦ ለሰርግ የያዝሽው ይበቃል። በዝቅተኛ ብርሃን ደህና ከሆነ፣ ማይክ መሰኪያ ካለውና ከተማው ውስጥ የሚጠግነው ሰው ካለ ሌላ አትግዢ። ብትጨምሪ ሰፊና ብርሃን የሚያስገባ አንድ ሌንስ፣ ጠንካራ ትራይፖድ፣ የግንባር መብራት።

ለልምምድ ሩቅ አትሂጂ። ባህር ዳር ውስጥ ለመንገድና ለፍሳሽ የሚቆፈር ቦይ ሁልጊዜ አይታጣም። አንዱን ምረጪ፤ የማርኪንግ ኖራ ከሚበተንበት ቀን ጀምሮ የሲሚንቶ ክዳኑ እስኪገጠም ተከታተዪ። ደጁ የተቆፈረበትን ባለሱቅ፣ ሰርቬየሩን፣ ድንጋይ የሚጠርበውን አናግሪ። ውሃ ሲገባበትም፣ ሥራው ሲቆምም ሂጂ። ሲያልቅ ጥሬውን ቀረጻና ሠንጠረዡን ላኪልኝ። የተቀናበረውን ለጊዜው አልፈልገውም፤ ሙዚቃ ከገባበት በኋላ ጉድለቱ አይታየኝም።